«መረጃዎ ተወስዷል» የሚለውን ደብዳቤ ማን አስጻፈው? የአንድ የካሊፎርኒያ ሕግ አውጪ ነገር

ባለፈው ዓመት አንድ ደብዳቤ ደረሰኝ። ነጭ ፖስታ፣ የማላውቀው ላኪ፣ ስሜም በተሳሳተ ፊደል የተጻፈ። የማስታወቂያ ወረቀት መስሎኝ ልጥለው ስል «የመረጃ ጥሰት ማሳወቂያ» የሚል ርዕስ ዓይኔ ውስጥ ገባ። ከዓመታት በፊት አንዴ ብቻ የተገለገልኩበት ድርጅት (ስሙ ይቅር) ኮምፒውተሩ በመረጃ ሌቦች ተሰብሮ ስሜና የሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥሬ ከሌሎች ሰዎች መረጃ ጋር ተወስዷል። ከሥር በየተራ ተደርድሯል፦ ምን ተፈጠረ፣ የትኛው መረጃ ተነካ፣ እኛ ምን እያደረግን ነው፣ እርስዎ ምን ማድረግ ይችላሉ።

ንዴቴ በረድ ሲል አንድ ነገር ገረመኝ። ይሄ ድርጅት ለምን ነገረኝ? ዝም ቢል እኔ በምን አውቃለሁ? ጉዱን ሸፍኖ መቀመጥ ይችል ነበር እኮ።

መልሱ አጭር ነው፤ ሕግ ያስገድደዋል። ሕጉ የመጣበት መንገድ ግን አጭር አይደለም። እሱን ስከታተል ነው ጆ ሲሚቲያን የሚባሉ ሰው ጋ የደረስኩት። ካሊፎርኒያ የምትኖሩ ከሆነ ሰውየውን ባታውቋቸውም ሥራቸው ቤታችሁ ድረስ ገብቷል። መኪና እየነዳችሁ ስልክ ጆሯችሁ ላይ እንዳትለጥፉ ያደረገው ሕግ የእሳቸው ነው። ሰፈራችሁ ያለው ትምህርት ቤት «ቲኬ» የሚለው፣ ከኪንደርጋርተን በፊት ያለው ክፍልም የእሳቸው ነው። (ዓመቶቹን በሙሉ እ.ኤ.አ. ነው የምጽፈው።)

መጀመሪያ አንድ ነገር እናጥራ። «ሴናተር» ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው ዋሽንግተን ያሉትን መቶዎቹን ነው። ሲሚቲያን እነሱ ውስጥ አልነበሩም። እያንዳንዱ ስቴት የራሱ ሕግ አውጪ አለው። ካሊፎርኒያ ሳክራሜንቶ ከተማ ላይ 80 አባላት ያሉት አሴምብሊና 40 አባላት ያሉት ሴኔት አላት። ወደ 39 ሚሊዮን የሚሆነውን ሕዝብ ለ40 ስታካፍሉት አንድ የስቴት ሴናተር ወደ አንድ ሚሊዮን የሚጠጋ ሰው ይወክላል። ዋሽንግተን ካለ የተወካዮች ምክር ቤት አባል ይበልጣል ማለት ነው። እስቲ ሰፈራችሁን የሚወክለውን የስቴት ሴናተር ስም ንገሩኝ! እኔም ይሄን ጽሑፍ ከመጀመሬ በፊት አላውቅም ነበር።

ጦርነት፣ ቪዛ፣ ግሪን ካርድ የሳክራሜንቶ ጉዳይ አይደለም። ትምህርት ቤት፣ መንጃ ፈቃድ፣ የትራፊክ ቅጣት፣ የኪራይ ውል ግን በዋናነት እዚያ ነው የሚወሰነው። የዕለት ኑሯችንን ቶሎ የሚነካው ይሄኛው ነው ብል ማጋነን አይመስለኝም።

ሲሚቲያን ፖለቲካ የጀመሩት ከታች ነው፣ ከፓሎ አልቶ የትምህርት ቦርድ። የትምህርት ቦርድ ማለት ማታ ማታ ተሰብስቦ ስለ አውቶቡስ፣ ስለ መምህራን ደመወዝ፣ ስለ ክፍል ጥበት የሚከራከር ነው። ዝና የለውም፤ ንዝንዝ ግን አለው። ከዚያ የከተማው ከንቲባ፣ ቀጥሎ የሳንታ ክላራ ካውንቲ ሱፐርቫይዘር፣ ማለትም ካውንቲውን የሚመራው ቦርድ አባል ሆኑ። በ2000 ለአሴምብሊ ተመረጡ፣ ከ2004 እስከ 2012 ደግሞ በሴኔት ቆዩ። ፓሎ አልቶን ልብ በሉ። የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ ጎረቤት፣ የሲሊከን ቫሊ እምብርት ነው። የወከሉት ሕዝብ መረጃ ሰብስቦ የሚነግደውም፣ መረጃው የሚሰበሰብበትም ነው።

ወደ ደብዳቤው እንመለስ።

ኤፕሪል 2002 ላይ ሳክራሜንቶ አጠገብ ያለ የካሊፎርኒያ መንግሥት የመረጃ ማዕከል ተሰበረ። ውስጡ የነበረው የ265 ሺህ የሚሆኑ የስቴቱ ሠራተኞች የደመወዝ መዝገብ ነው፤ ስም፣ ሶሻል ሴኩሪቲ ቁጥር፣ ሁሉም። መሰበሩ የታወቀው ከአንድ ወር በኋላ ነው። ከታወቀም በኋላ ለሠራተኞቹ እስኪነገር ሌላ ሁለት ሳምንት ሄደ። በዚህ መሃል የሰዎቹ ቁጥር ሌባ እጅ ላይ ነው፤ እነሱ ግን ምንም ሳያውቁ ሥራ ይሄዳሉ፣ ሒሳብ ይከፍላሉ።

በዚያው ዓመት ሁለት መንታ ረቂቆች ወጡ። አንዱን ስቲቭ ፒስ የሚባሉ ሴናተር፣ ሌላውን ሲሚቲያን ከአሴምብሊ በኩል ያዙት። ሁለቱም ጸደቁና ከጁላይ 1 ቀን 2003 ጀምሮ በሥራ ላይ ዋሉ። የሕጉ ብልሃት ያለው ካደረገው ይልቅ ባላደረገው ላይ ነው። «አትሰበር» አይልም። ይሄን ያህል ለጥበቃ አውጣ፣ ይሄን ዓይነት ሶፍትዌር ግዛ አይልም። እንደዚያ ቢል ቴክኖሎጂው በሁለት ዓመት ተቀይሮ ሕጉ ሙዚየም ይገባ ነበር። የሚለው «ከተሰበርክ ለባለቤቱ ንገር» ብቻ ነው።

ደግሞ አንዲት ቀዳዳ ትቶለታል። መረጃው በምስጢር ኮድ የተቆለፈ ከሆነ፣ ማለትም ሌባው ቢያገኘውም ሊያነበው የማይችል ከሆነ፣ ደብዳቤ መላክ ግዴታ አይሆንም። አያችሁ ምን እንደሠራ? ኩባንያው ራሱ ቁጭ ብሎ ያሰላል። ለመቶ ሺህ ሰው «ቤቴ ተዘረፈ» ብዬ ጽፌ ከማፍር መረጃውን ብቆልፈው ይሻለኛል ይላል። ማንም «ቆልፍ» ብሎ አላዘዘውም። ይሉኝታ ነው የሠራው። ይሉኝታ በሕግ ሲታገዝ ምን እንደሚያደርግ እኛ አበሾች ማንም እንዲያስረዳን አንፈልግም።

በ2005 ቾይስፖይንት የሚባል የሰዎችን መረጃ ሰብስቦ የሚሸጥ ኩባንያ ለአጭበርባሪዎች መረጃ መሸጡ ታወቀ። መጀመሪያ ደብዳቤ የላከው ለካሊፎርኒያ ነዋሪዎች ነበር፤ እንዲህ ያለ ሕግ የነበረው እዚያ ስለሆነ። ወሬው ሲወጣ የሌላ ስቴት ሰዎች «እኛስ?» ብለው ጮኹ። ኩባንያው ለሌሎቹም ለመጻፍ ተገደደ፣ በጠቅላላው ወደ 145 ሺህ ሰው ደረሰ። ከዚያ በኋላ ስቴቶቹ ተከታትለው የራሳቸውን ሕግ አወጡ። መጨረሻ ላይ በ2018 አላባማና ሳውዝ ዳኮታ ሲገቡ ሃምሳው ሞላ። ሐሳቡ ከአሜሪካም ወጥቶ ተጉዟል። የኢትዮጵያ የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 (ይሄኛው ዓመት በኛው አቆጣጠር ነው) ጥሰት ሲደርስ ማሳወቅን ግዴታ አድርጓል።

ችግሩ የመጀመሪያው ሕግ «ንገር» አለ እንጂ እንዴት እንደሚነገር አላለም። ድርጅቶቹ በጠበቃ ቋንቋ የተተበተበ፣ አንብበህ ስትጨርስ የበለጠ የምትደናገርበት ወረቀት መላክ ጀመሩ። ሲሚቲያን በግልጽ ቋንቋ ይጻፍ፣ ምን እንደተወሰደ ይባል፣ ከ500 በላይ ሰው ሲነካ ለስቴቱ ዋና ዐቃቤ ሕግም ቅጂ ይላክ የሚል ረቂቅ አቀረቡ። በጊዜው አገረ ገዥ የነበሩት አርኖልድ ሽዋርዘኔገር (አዎ፣ የፊልሙ አርኖልድ) ውድቅ አደረጉት። በ2009 ውድቅ፣ በ2010 ውድቅ። በ2011 አዲሱ አገረ ገዥ ጄሪ ብራውን ፈረሙበት። ያው ሐሳብ፣ ያው ሰው፣ የተቀየረው የሚፈርመው እጅ ብቻ። በኋላ በ2015 ሌላ ሕግ ተጨመረና እኔ ደብዳቤ ላይ ያየኋቸው «ምን ተፈጠረ» የሚሉት ንዑስ ርዕሶች ግዴታ ሆኑ።

እንደዚህ ዓይነት ደብዳቤ ከደረሳችሁ አትጣሉት። የብድር ታሪካችሁን የሚመዘግቡት ሦስቱ ኩባንያዎች፣ ኤኩዊፋክስ፣ ኤክስፒሪያንና ትራንስዩኒየን ጋ ገብታችሁ ማንም በስማችሁ እንዳይበደር ክሬዲታችሁን ዝጉት። ከ2018 ጀምሮ በመላው አሜሪካ በነጻ ነው። ቤት ወይ መኪና በብድር ልትገዙ ስትሉ ትከፍቱታላችሁ። ሦስቱንም ለመዝጋት እኔ አንድ ቡና እስኪፈላ ነው የፈጀብኝ። እሺ፣ የሦስተኛው ፓስወርድ ጠፍቶብኝ እስከ በረካው ሄዷል።

አሁን ወደ ትምህርቱ። ወላጅ ለሆነ ሰው ትልቁ ነገር ይሄ ይመስለኛል።

ነገሩ የልደት ቀን ጉዳይ ነው። ድሮ ካሊፎርኒያ ውስጥ አንድ ልጅ እስከ ዲሴምበር 2 አምስት ዓመት የሚሞላው ከሆነ በዚያው ዓመት ክረምት ማብቂያ ላይ ኪንደርጋርተን ይገባ ነበር። ገና አራት ዓመት ከዘጠኝ ወር ያልዘለለ ልጅ ስድስት ዓመት ሊሞላው ከተቃረበ ልጅ ጎን ይቀመጣል ማለት ነው። በዚያ ዕድሜ አንድ ዓመት ማለት ብዙ ነው። አንዱ ስሙን ይጽፋል፣ ሌላው እርሳሱን እንደ ማንኪያ ጨብጦ ያለቅሳል። ኪንደርጋርተን ደግሞ እንደ ድሮው መዝሙርና ጨዋታ ብቻ አይደለም፤ ፊደልና ንባብ የሚጀመርበት ሆኗል። አብዛኛው ስቴት ቀኑን ወደ ሴፕቴምበር አካባቢ ሲያደርግ ካሊፎርኒያ ወደ ኋላ ቀርታ ነበር። ቀኑ ይስተካከል የሚል ሙከራ ለዓመታት ቀርቦ ሲወድቅ ነው የኖረው። ምክንያቱም ጥያቄው ቀላል ነው፤ የሚዘለሉት ልጆች ያን ዓመት የት ይዋሉ? ገንዘብ ያለው በግል ያስተምራል። የሌለው ቤት ያስቀምጣል፣ ወይ አያት ትጠብቃለች።

የሲሚቲያን ረቂቅ፣ ኤስቢ 1381፣ በ2010 ሁለቱን ነገር አንድ ላይ አሰረ። ቀኑ በሦስት ዓመት ውስጥ በየዓመቱ አንድ ወር እየተሳበ ከዲሴምበር 2 ወደ ሴፕቴምበር 1 ይምጣ። በዚህ ምክንያት ለሚዘገዩት፣ ማለትም ከሴፕቴምበር 2 እስከ ዲሴምበር 2 ለተወለዱት፣ ከኪንደርጋርተን በፊት አንድ ዓመት አዲስ ክፍል ይከፈት። መምህሩም የማስተማር ፈቃድ ያለው ይሁን። ስሙ ትራንዚሽናል ኪንደርጋርተን፣ ባጭሩ ቲኬ።

ገንዘቡስ? 2010 እኮ ካሊፎርኒያ ካዝናዋ ባዶ የሆነበት፣ መምህራን የሚቀነሱበት ጊዜ ነው። ስሌቱ እዚህ ላይ ነው ደስ የሚለው። በኅዳር የተወለደችን አንዲት ልጅ እናስብ፤ ስሟን ሊያ እንበላት። በድሮው ሕግ ሊያ በዚያ ዓመት ኪንደርጋርተን ትገባ ነበር፤ ስለዚህ መንግሥት የእሷን የዚያን ዓመት ገንዘብ መክፈሉ አይቀርም ነበር። በአዲሱ ሕግ ኪንደርጋርተን ሳይሆን ቲኬ ገባች፤ የተከፈለው ያው ገንዘብ ነው። በሚቀጥለው ዓመት አንደኛ ክፍል በመግባት ፈንታ ኪንደርጋርተን ገባች፤ አሁንም ያው። ልዩነቱ የሚታየው መቼ ነው? በድሮው ሕግ ቢሆን ጨርሳ ወጥታ በነበረበት ዓመት እሷ ገና አሥራ ሁለተኛ ክፍል ናት። ተጨማሪዋ ዓመት የምትከፈለው ያኔ፣ ከአሥራ ሦስት ዓመት በኋላ ነው። ለፖለቲከኛ አሥራ ሦስት ዓመት ዘላለም ነው። ተንኮል ነው የሚል ሊኖር ይችላል። እኔ ግን ሒሳቡን ማንም ደብቆ አላየሁም፤ ልጅቷም የተሻለ ጅምር አገኘች።

ሽዋርዘኔገር ይሄኛውን ፈረሙ። ግን ሕግ ስለወጣ ብቻ ነገር አያልቅም። በጃንዋሪ 2012፣ ክፍሎቹ ሊከፈቱ ወራት ሲቀራቸው፣ ብራውን በጀቱ ላይ የቲኬን ገንዘብ እንሰርዝ ብለው መጡ። ወላጆች ተነሱ፤ ቀኑ ተቀይሮ ክፍሉ ቢቀር ልጆቹ ባዶ ሜዳ ላይ መቅረታቸው ነው። ምክር ቤቱ አልተቀበለውም፣ ቲኬ ተረፈ። ያቺ በሦስት ወር ውስጥ ለተወለዱ ልጆች ብቻ የተከፈተች ጠባብ በር በ2021 በአገረ ገዥ ጋቪን ኒውሰም ዘመን ሰፋች፤ በየዓመቱ እየጨመረች ሄዳ ከ2025–26 የትምህርት ዘመን ጀምሮ እስከ ሴፕቴምበር 1 አራት ዓመት ለሚሞላው ልጅ ሁሉ ክፍት ሆናለች። በነጻ። ገቢያችሁ ስንት ነው የሚል የለም።

ለኛ ሰው አንድ ማሳሰቢያ አለኝ። ሴፕቴምበር 1 ማለት በኛ ነሐሴ 26 ነው። ዕንቁጣጣሽ ዕለት የተወለደ ልጅ፣ ያ ሁሉ እልልታ የተደረገለት፣ በአሥር ቀን ያመልጠዋል። ልጃችሁን ከአገር ቤት ይዛችሁ የመጣችሁ ደግሞ የልደት ወረቀቱ ላይ ያለው ቀን በትክክል ተቀይሮ እንደሆነ ከማስመዝገባችሁ በፊት እዩት። «መስከረም 1»ን እንዳለ «ሴፕቴምበር 1» ብሎ የሚያስቀምጥ ተርጓሚ ሞልቷል።

ትምህርትና ቴክኖሎጂ የተጋጩበትም ታሪክ አለ። በ2005 መጀመሪያ ላይ ሰሜን ካሊፎርኒያ ሰተር በምትባል ትንሽ ከተማ አንድ ትምህርት ቤት ልጆቹ አንገት ላይ ባጅ አንጠለጠለ። ባጁ ውስጥ በሬዲዮ የሚነበብ ቺፕ አለ፤ ልጁ በበር ሲያልፍ መሣሪያው ራሱ «ተገኝቷል» ብሎ ይመዘግባል። መምህሩ ስም ከመጥራት ተገላገለ። ወላጆች ግን ቱግ አሉ። ልጄ ዕቃ ነው ወይ፣ ይሄን ቺፕ ሌላ ሰው ከውጭ ቢያነበውስ? በሳምንታት ውስጥ ነገሩ ቀረ። ሲሚቲያን መንግሥት በሚያወጣቸው መታወቂያዎች ላይ እንዲህ ያለ ቺፕ ያለ ጥበቃ እንዳይገባ ረቂቅ አቀረቡ፤ በ2006 ሽዋርዘኔገር ውድቅ አደረጉት። ሰውየው ነገሩን ቆራርሰው መለሱት። በ2007 ማንም ሰው ሌላውን ቆዳው ሥር ቺፕ እንዲያስቀብር ማስገደድ እንደማይችል የሚል ሕግ አስጸደቁ። በ2008 ደግሞ የሰው መታወቂያ ላይ ያለን ቺፕ በድብቅ ማንበብን ወንጀል አስደረጉ። በ2010 የፋስትራክ (መኪና ሲያልፍ የድልድይና የመንገድ ክፍያ በራሱ የሚቆርጠው መሣሪያ) መዝገብ፣ ማለትም በየትኛው ድልድይ በስንት ሰዓት እንዳለፋችሁ፣ እንዳይሸጥና ከአራት ዓመት ከስድስት ወር በላይ እንዳይቀመጥ አደረጉ። ኡበር ለምትነዱ ይሄ ቀላል ነገር አይደለም፤ ቀን ከሌት የዋላችሁበት እዚያ ነው የተጻፈው።

የስልኩንም ላንሳና ልለፍ። እየነዱ ስልክ ይዞ ማውራት ይከልከል ብለው መጀመሪያ ያቀረቡት በ2001 ነው። የተፈረመው በ2006፣ ሥራ ላይ የዋለው ጁላይ 1 ቀን 2008። ሰባት ዓመት! የሚገርመው ሕጉ ሲወጣ መልእክት መጻፍን አልነካም። ሲጀመር ሰው ስልክ ላይ የሚያወራበት ዘመን ነበር፤ ሕጉ እስኪደርስ ሰው መጻፍ ጀመረ። ሌላ ረቂቅ አስፈለገና ከጃንዋሪ 2009 ጀምሮ መልእክት መጻፍም ተከለከለ። ከ2017 ጀምሮ ደግሞ በሌላ ሰው ሕግ ስልኩን በእጅ መያዙ ራሱ ያስቀጣል። እውነቱን ለመናገር ይሄኛው ሕግ የሲሚቲያን ምርጡ ነው ብዬ አላስብም። በስፒከር የሚከራከር ሰውም ሐሳቡ መንገዱ ላይ አይደለም፤ እጁ ነጻ ቢሆንም ጭንቅላቱ ተይዟል።

ሐሳቡን ሁሉ ከየት ነበር የሚያመጡት? ከ2001 ጀምሮ ነዋሪዎች «እንዲህ የሚል ሕግ ቢኖር» ብለው ሐሳብ የሚያቀርቡበት ዓመታዊ ውድድር ነበራቸው። ሽልማቱ ገንዘብ አይደለም፣ ሐሳቡን ረቂቅ አድርገው ማቅረባቸው ነው። አንዲት የጡት ካንሰር ያገኛት ሴት በዚህ መንገድ መጣች። ጥቅጥቅ ያለ የጡት ሥጋ ማሞግራም ላይ ዕጢውን ይሸፍናል፤ ሐኪሙ ይሄን ያያል፣ ለሴትየዋ ግን አይነግራትም። ሐሳቧ «ንገሯት» የሚል ነበር። በ2011 ውድቅ ሆነ፣ በ2012 ተፈረመ፣ ከኤፕሪል 2013 ጀምሮ በካሊፎርኒያ ማሞግራም አድርጋ የጡቷ ሥጋ ጥቅጥቅ ያለ ሆኖ የተገኘ ሴት በጽሑፍ ይነገራት ጀመር። ከመረጃ ጥሰቱ ሕግ ጋር አስተያዩት። ያው አንድ ቃል ነው።

በስቴቱ የሥልጣን ዘመን ገደብ ምክንያት ሲሚቲያን በ2012 ሴኔቱን ለቀው ወደ ካውንቲው ሱፐርቫይዘርነት ተመለሱ። በ2024 ለዋሽንግተኑ የተወካዮች ምክር ቤት ለመወዳደር ወጡ፤ የአካባቢው ተወካይ የአና ኢሹ ወንበር ከሠላሳ ዓመት በኋላ ክፍት ሆኖ ነበር። በማርች የመጀመሪያ ዙር አንደኛና ሁለተኛ የወጡት ለኖቬምበር ያልፋሉ። ሳም ሊካርዶ አንደኛ ወጡ። ሁለተኛ ማን ሆነ? ሲሚቲያን 30,249 ድምፅ፣ የስቴት አሴምብሊ አባሉ ኤቫን ሎው 30,249 ድምፅ። እኩል። ሕጉ ሁለቱም ይለፉ ይላል። ከዚያ ድምፁ እንደገና ይቆጠር ተባለ፤ ተቆጠረ፤ ሎው በአምስት ድምፅ በለጡ። አምስት! አንድ ቤተሰብ ጥሎሽ ላይ የሚልከው ሽማግሌ ያህል። ሲሚቲያን ከውድድሩ ወጡ፣ በኖቬምበርም ሊካርዶ አሸነፉ።

ለነገሩ በቀደም ከዚያው ድርጅት ሁለተኛ ደብዳቤ መጣልኝ፤ ለአንድ ዓመት በነጻ መረጃህን እንከታተልልሃለን የሚል። ግልጽ ቋንቋ፣ ንዑስ ርዕስ፣ ስልክ ቁጥር፣ ሁሉም በሕጉ መሠረት ተሟልቷል። ስሜን ግን አሁንም አላስተካከሉትም።